«ቤት መምታት» ሲባል የሚመታው ቤት የቱ ነው?

የአሽዶዱ፦

ሰላም ለሁላችሁ። ጉዳዩ እስከ ሐሙስ መድረስ ያለበት የትምህርት ቤት ሥራ ስለሆነ ቶሎ ብትመልሱልኝ ደስ ይለኛል። ልጄ 11ኛ ክፍል ናት። በዕብራይስጥ ሥነ ጽሑፍ ትምህርታቸው አሁን የደረሱት በመካከለኛው ዘመን በእስፔን የኖሩት አይሁድ ባለቅኔዎች ዘንድ ነው። የደረሳት ግጥም የይሁዳ ሃሌዊ ነው፤ «ልቤ በምሥራቅ ነው፣ እኔ ግን በምዕራብ ዳርቻ» ብሎ የሚጀምረው። መምህሯ እያንዳንዱ ተማሪ የግጥሙ ክፍሎች በቤተሰቡ ቋንቋ ምን እንደሚባሉ ጠይቆ እንዲመጣ አዝዛለች። ዕብራይስጡ ሙሉውን ስንኝ «ባይት» ይለዋል፤ ቤት ማለት ነው። የመጀመሪያው እኩሌታ «ዴሌት» ነው፤ በር። ሁለተኛው «ሶጌር» ነው፤ መዝጊያ እንደ ማለት።

እኔም «በእኛም ቤት አለ፤ ግጥም ቤት ይመታል እንላለን» አልኳት። ልጄ አማርኛ የምትሰማው ከእኔና ከእናቷ ብቻ ስለሆነ ነገሩን እንዳለ ትወስደዋለች። «ቤቱ ምን አጥፍቶ ነው የሚመቱት?» አለችኝ። መልስ አጣሁ። ጥያቄዬ ይኸው ነው፦ በ«ቤት መምታት» ውስጥ ቤቱ ምንድን ነው? መምታትስ ምን ማለት ነው?

የዋሸራው፦

ወንድሜ፣ ቤት በቅኔ ስንኝ ነው። ጉባኤ ቃና 2 ቤት ነው፣ ዘአምላኪየ 3 ቤት፣ ሥላሴ 6 ቤት፣ መወድስ 8 ቤት። ቅኔ ቤት ገብቶ አንድ ክረምት የከረመ ተማሪ ሁሉ ያውቀዋል። ግእዝና ዕብራይስጥ የአንድ አባት ልጆች ናቸውና ቃሉ አንድ መሆኑ አይገርምም። ልጅህን እንዲህ ብለህ ንገራት፤ ጽፋ ትስጥ።

ሥረ ቃል፦

መምህር እውነት ብለዋል፤ እኔ ደግሞ አንድ ልጨምር። «ቅኔ» ራሱ ዕብራይስጥ ውስጥ አለ። «ቂና» ይሉታል፤ ሙሾ፣ ሰቆቃ ማለት ነው። ዐረብኛ ደግሞ «ቀይና» አለው፤ በቤተ መንግሥት የምትዘፍን ባሪያ ማለት ነው። እኛም ቀነየ ስንል ገዛ፣ አስገዛ፣ አሠራ ማለታችን ነው። ቅኔ፣ ቅኝት፣ ቅኝ፣ ቂና፣ ቀይና፦ አምስቱም ከአንድ ሥር የወጡ ይመስሉኛል። ሥሩም ግእዝ ነው ባይ ነኝ።

የወሎው፦

መምህር፣ በአክብሮት ልቃወምዎ። «ቤት» የሚለው ቃል የሦስቱም ቋንቋ ነው። ቃሉን የስንኝ ስም ማድረግ ግን ዕብራይስጥ ከዐረብኛ የወሰደው ነው። መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ መዝሙረ ዳዊት አለ፣ መኃልየ መኃልይ አለ፣ ሰቆቃወ ኤርምያስ አለ። አንዱም ስንኙን ቤት ብሎ አይጠራም።

ስሙ የገባው በ10ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በኮርዶባ ነው። ከተማዋ የኡመውያ ኸሊፋዎች መናገሻ ነበረች። በሣልሳዊው ዐብዱረሕማን ግቢ ሐስዳይ ኢብን ሻፕሩጥ የሚባል አይሁዳዊ ሐኪምና ባለሟል ነበረ፤ በእርሱም ጥላ ሥር ሁለት የዕብራይስጥ ሊቃውንት ተጋጠሙ። አንዱ መዝገበ ቃላት የጻፈው መናሔም ቤን ሳሩቅ ነው። ሌላው ከታላቁ የአይሁድ ሊቅ ከሰዓድያ ጋኦን እግር ሥር ተምሮ የመጣው ዱናሽ ቤን ላብራጥ ነው። የዐረብኛን የግጥም ሚዛን ለዕብራይስጥ ያለበሰው ይህ ዱናሽ ነው። ሥራውን ለመምህሩ ሲያሳየው፣ ሰዓድያ እንዲህ ያለ ነገር በእስራኤል ታይቶ አያውቅም ብሎታል ይባላል።

ዐረቦቹ ስንኝን «በይት» ሲሉ በዓይናቸው የሚመጣው የድንጋይ ቤት አይደለም፤ የበረሃ ድንኳን ነው። በ8ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በባስራ የኖረው ኸሊል ኢብን አሕመድ የግጥምን ሚዛን ሲቀምር የክፍሎቹን ስም ከድንኳን ወሰደ። «ወቲድ» ካስማ ነው። «ሰበብ» ገመድ ነው። የጥበቡ ስም «ዐሩድ» ራሱ ድንኳኑን ከመሐል የሚያቆመው ምሰሶ ነው ይላሉ። ስንኙ ሁለት እኩሌታ ስላለው እያንዳንዱ እኩሌታ «ምስራዕ» ተባለ፤ የባለ ሁለት ተከፋች በር አንዱ ሳንቃ ማለት ነው። ዱናሽና ተከታዮቹ ይህን ሁሉ ወደ ዕብራይስጥ መለሱት። ወቲድ «ያቴድ» ሆነ፣ በይት «ባይት» ሆነ፣ የበሩ ሳንቃም «ዴሌት» ሆነ። የልጅህ መምህርት የጠየቀችው በርና መዝጊያ የመጣው ከዚህ ድንኳን ነው።

በነገራችን ላይ፣ ያ «ሰበብ» የእኛው ሰበብ ነው። በዐረብኛ መጀመሪያ ገመድ ነበረ፤ ከዚያ ወደ አንድ ነገር መድረሻ መንገድ፣ ከዚያም ምክንያት ሆነ። እኛ የወረስነው የመጨረሻውን ብቻ ነው።

የዋሸራው፦

ዕብራይስጡ ከዐረብ ወሰደ ስትል አልከራከርህም፤ ዕብራይስጥ አልተማርኩም። የግእዙን ቅኔ ቤት ግን በዚያ ድንኳን ውስጥ እንዳታስገባብኝ።

የወሎው፦

አላስገባሁትም መምህር። ያልኩት ስለ ዕብራይስጡ ነው።

ወለተ ፊደል፦

የሴም ቋንቋዎችን የማጠና ስለሆንኩ ልግባ። የወሎው ወንድማችን የተናገረው ትክክል ነው፤ ነገር ግን ዱናሽ የገጠመውን ችግር ካላየን የሥራው ድፍረት አይገባንም።

የዐረብኛ ግጥም ሚዛን የቆመው በአጭርና በረጅም ድምፅ ልዩነት ላይ ነው። ዕብራይስጥ ይህን ልዩነት ዐረብኛ በሚጠቀምበት መልክ አልነበረውም። ዱናሽ ምን አደረገ? ዕብራይስጥ «ሽዋ» የሚባል ምልክት አለው። ለእኛ ማስረዳት ቀላል ነው፤ ሳድስ ነው። የእኛ ሳድስ አንዳንዴ ይሰማል፣ አንዳንዴ ይዋጣል፤ «ቅዱስ» ስንል ቅ ትሰማለች፣ ስ ግን ትዋጣለች። ሽዋም እንዲሁ ነው። ዱናሽ የሚሰማውን ሽዋ አጭር ነው አለ፤ የቀረውን ሙሉ አናባቢ ሁሉ ረጅም አደረገው። አንድ የሚሰማ ሽዋና ከእርሱ ቀጥሎ የሚመጣው ሙሉ ድምፅ ተጣምረው አንድ «ያቴድ» ይሆናሉ፤ አንድ ካስማ። ለምሳሌ ዕብራይስጡ ዘመንን «ዝማን» ይለዋል። ዝ በአጭሩ፣ ማን በረጅሙ፤ አንድ ካስማ ተተከለ።

ችግሩ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። በዕብራይስጥ ሁለት የሚሰሙ ሽዋዎች ጎን ለጎን አይቆሙም። በዐረብኛ ግን «ካሚል» የሚባለው ታላቅ ሚዛን የሚጀምረው በሁለት ተከታታይ አጫጭር ድምፆች ነው። ስለዚህ ካሚል ወደ ዕብራይስጥ ሲገባ ሁለቱ አጫጭሮች በአንድ ረጅም ተተኩ። ስሙም ተተረጎመ፤ ካሚል ምሉዕ ማለት ስለሆነ «ሻሌም» ተባለ፣ ከእኛ ሰላም ጋር አንድ ሥር። ሻሌም ካሚል ነው፣ ካሚልም አይደለም። ድንኳኑ ያው የዐረቡ ነው፤ ገመዱ ግን ዕብራይስጥ በሚችለው ልክ ነው የተወጠረው።

የመናሔም ደቀ መዛሙርት ይህን አልታገሡም። ሚዛኑ ቋንቋችንን ያበላሻል፣ የቃሉን ንባብ ያጣምማል ብለው ምሳሌ እየጠቀሱ ጻፉበት። የዱናሽ ደቀ መዝሙርም መልሶ ጻፈባቸው። ክርክሩን ሳነበው ተቆጥተው የጻፉ ሰዎች ድምፅ አሁንም ይሰማኛል።

ሥረ ቃል፦

እህቴ፣ ሁሉም ከዐረብ ነው ከተባለ «ሺር»ስ? ዕብራይስጡ ግጥምን «ሺር» ይለዋል፣ ዐረቡ «ሺዕር» ይለዋል። አንድ ቃል መሆኑን ሕፃን ያውቀዋል። ግእዙም ሥዕርት አለው፤ የራስ ጠጕር። ዐረቦቹ የፍየል ጠጕር ድንኳንን «በይቱ ሸዕር» ይሉታል፣ የግጥም ስንኝን «በይቱ ሺዕር» ይሉታል። የጠጕር ቤትና የግጥም ቤት! እንግዲህ ግጥም ጠጕር ነው፤ ሥሩም ሥዕርት ነው፤ ሥዕርትም ግእዝ ነው።

ወለተ ፊደል፦

የጠጕር ቤትና የግጥም ቤት ዐረቦቹ ራሳቸው ሲጫወቱበት የኖሩት የቃል ጨዋታ ነው፤ ማንሣትህ ደስ ብሎኛል። ሥዕርትና የዐረቡ «ሸዕር» ዘመዳሞች መሆናቸውም ትክክል ነው። ዕብራይስጡ «ሺር» ግን ከዐረቡ «ሺዕር» ጋር አይገናኝም። በዐረቡ መካከል ዐይን አለ፤ በዕብራይስጡ የለም፣ በዚያ የቆመው የ ነው። ዐረቡ ሻዒር ሲል የሚያውቅ፣ የሚሰማው ማለቱ ነው። በጆሮ ስለተመሳሰሉ ብቻ ዘመድ ማድረግ አይገባም።

ይህንኑ ስሕተት ያረሙት እዚያው ኮርዶባ ውስጥ መሆኑን ልንገርህ። መናሔም በመዝገበ ቃላቱ አንዳንድ የዕብራይስጥ ግሦች ሥራቸው ሁለት ፊደል ነው፣ እንዲያውም አንድ ፊደል ነው ይል ነበር። በንባብ የሚጠፋውን ፊደል ከሥሩ አይቆጥረውም። በዚያው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻ ይሁዳ ሐዩጅ የሚባል ከፌዝ የመጣ ሊቅ የዐረብኛን ሰዋስው መነጽር አድርጎ ዕብራይስጡን አየና ግሥ ሁሉ ሦስት ፊደል አለው፣ ደካማው ፊደል ይደበቃል እንጂ አይጠፋም አለ። የዋሸራው መምህራችን ይህን ከማንም በላይ ያውቁታል። ቆመ ብለን ይቀውም ስንል ወ ብቅ ትላለች። ዕብራይስጡም «ቃም» ብሎ «ያቁም» ይላል። ተደብቃ የነበረችው ወ ናት።

የዋሸራው፦

ይህ ደስ ይላል። እኛ ዘንድ ሤመ ሠየመ ነው፣ ቆመ ቀወመ ነው ሲባል የኖረ ነው። የኮርዶባው ሰው መምህር አግኝቶ ቢሆን ኖሮ ያን ያህል ባልደከመ።

አሁን ወደ ቤቱ ልመለስ፤ ስለ ቤት የሚናገር ሰው ቤት ስንት እንደሆነ ያልቆጠረ እየመሰለኝ ነው። በእኛ ትምህርት ስንኙ ቤት ነው። የግሡ ወገን ቤት ነው፤ ይህ ግሥ የቀተለ ቤት ነው፣ ያ የቀደሰ ቤት ነው እንላለን። የፊደሉ ወገን ቤት ነው፤ የለ ቤት፣ የመ ቤት። ትምህርቱ ራሱ ቤት ነው፤ የዋሸራ ቤት፣ የጎንጅ ቤት፣ የዋድላ ቤት። በአማርኛ ግጥምም የወል ቤት፣ የቡሄ በሉ ቤት ይባላል፤ እዚያ ቤት የሚዛን ስም ነው። ይህ ሁሉ ድንኳን ነው? በእኛ ቤት ማለት ወገን ማለት ነው። የአንድ ቤት ልጆች እንደምንለው።

ስለዚህ «ቤት መታ» ማለት የስንኙ መጨረሻ ከፊተኛው ስንኝ መጨረሻ ጋር አንድ የፊደል ቤት ላይ አረፈ ማለት ነው። በመልክእ ግጥም እንመልከት። አምስቱ ስንኝ ሁሉ በአንድ ፊደል ወገን ያልቃል፤ ለ ቢሆን ሉ ቢሆን ሎ ቢሆን የለ ቤት ነው። ቤት መምታት ይህ ነው። ዐረብም ድንኳንም የለበትም።

የወሎው፦

ይህ ከሰማሁት ሁሉ የተሻለ ማብራሪያ ነው መምህር፤ እቀበላለሁ። እንዲያውም ደጋፊ ማስረጃ አለኝ። ከዐረብኛ የወሰድነው የግጥም ስም ፊቱ ያስታውቃል። እኛ ወሎዎች መንዙማ እንላለን። ቃሉ ከዐረቡ «ነዝም» ነው፤ ዶቃን በክር መሰካት፣ መደርደር ማለት ነው። ዕብራይስጡም ቤት መምታትን «ሐሩዝ» ይለዋል፤ እርሱም የተሰካ ዶቃ ነው። መንዙማ ዐረብኛ መሆኑን ማንም አይክድም፣ ማንም አያፍርበትም፣ በአማርኛም እንገጥምበታለን። ቤት የሚለው ግን እንዲህ ያለ የመንገደኛ ምልክት የለበትም።

ወለተ ፊደል፦

አንድ ጥንቃቄ ልጨምር። ዕብራይስጡ ከዐረቡ የወሰደው ሚዛኑንና አንድ ግጥም ከራስ እስከ እግሩ በአንድ ድምፅ እንዲያልቅ የማድረጉን ልማድ ነው። ስንኝን በተመሳሳይ ድምፅ መጨረስን ግን ቀድሞም ያውቀው ነበር። ከዱናሽ ብዙ መቶ ዓመታት በፊት በፍልስጤም ምድር የኖረው ያናይ በምኵራብ ለሚነበቡ ግጥሞቹ ቤት ያስመታ ነበር። ከዚያም የወረሱትን አልጣሉም። ዐረቡ የመጨረሻዋ ተነባቢ ከተመሳሰለች ይበቃዋል፤ ከአናባቢው በፊት ስላለችው ተነባቢ አይጨነቅም። ዕብራዊው ግን እርስዋም እንድትመሳሰል ይጠይቃል። በዚህ ረገድ ከባለ ድንኳኑ ይልቅ እነርሱ ጥብቆች ነበሩ።

የአሽዶዱ ወንድሜ፣ ልጅህ የያዘችው ግጥም ለዚህ ከሁሉ የተሻለ ምሳሌ ነው። ሦስት ቤት ብቻ ነው። የመጀመሪያው ቤት በሩም መዝጊያውም አንድ ድምፅ ላይ ያርፋሉ፤ ይህ ቀሲዳ የሚባለው የዐረብ ረጅም ግጥም አከፋፈት ነው። ማረፊያዎቹ አራት ቃላት ናቸው፦ «መዓራቭ»፣ «ዬዔራቭ»፣ «ዓራቭ»፣ «ኔሔራቭ»። ምዕራብ፣ ይጣፍጣል፣ ዐረብ፣ የፈረሰ። አራቱም በራቭ ያልቃሉ፤ ብ ብቻ ሳትሆን ራም ጭምር።

ስሜቱን ተመልከቱ። እኔ በምዕራብ ዳርቻ ሆኜ የምበላው እንዴት ይጣፍጠኛል ይላል። ጽዮን በኤዶም እስራት ናት ይላል፤ ኤዶም የሚላቸው ክርስቲያኖቹን ነው፤ ኢየሩሳሌም እ.ኤ.አ. ከ1099 ጀምሮ በመስቀል ጦረኞች እጅ ነበረችና። እኔም በዐረብ እስራት ነኝ ይላል። የእስፔንን በጎ ነገር ሁሉ መተው ይቀለኛል፤ የፈረሰውን መቅደስ ትቢያ ማየት በዓይኔ የከበረውን ያህል ይላል።

አሁን ፊደሉን እዩ። ምዕራብ፣ ይጣፍጣል፣ ዐረብ፦ በዕብራይስጥ ሦስቱም በዐ፣ በረ፣ በበ ይጻፋሉ። በግእዝም ዐርበ ፀሐይ ስንልና ዐረብ ስንል ዐይኗ አንድ ናት። በዐረብኛ ግን ምዕራብ «ገርብ» ነው፤ በጉሮሮ የሚንኮራኮር ገ አለው። ዐረብ ደግሞ በንጹሕ ዐይን ነው። ለዐረብ ጆሮ ምዕራብና ዐረብ ሁለት የተለያዩ ሥሮች ናቸው። ስለዚህ ሃሌዊ በዐረብ ሚዛን፣ በዐረብ አከፋፈት የሠራው ግጥም ልቡ ላይ ያለው ኅብር በዐረብኛ ሊሠራ የማይችል ነው። ይህን ያየሁ ቀን ከመጽሐፉ ተነሥቼ ክፍሌ ውስጥ ተመላልሻለሁ።

የዋሸራው፦

ዐይኑን ዐ ከአልፋው አ ሳይለዩ የሚጽፉ ሰዎች ይህን አንብበው ይመለሱ። ለዓመታት የምጮኸው ስለዚህ ነው። «አረብ» ብለህ በአልፋው ከጻፍክ ኅብሩ ሞተ።

ሥረ ቃል፦

ግእዝና ዕብራይስጥ እዚህ ላይ ሲስማሙና ዐረብኛ ሲለይ አያችሁ? ከመጀመሪያው ያልኩት ይህን ነው።

ወለተ ፊደል፦

አይደለም ወንድሜ። ሁለቱን ድምፆች ለይቶ የጠበቀው ዐረብኛ ነው፤ እኛና ዕብራይስጥ አንድ ላይ ያፈሰስናቸው ነን። እዚህ ላይ የጥንቱን የያዘው እርሱ ነው። ባለቅኔው ግን ከዚያ መፍሰስ ወርቅ አወጣ።

የወሎው፦

ሃሌዊን የማደንቅበት ሌላም ነገር አለ። «ኩዛሪ» የሚባለውን መጽሐፉን የጻፈው በዐረብኛ ነው። የእስፔን አይሁድ ሊቃውንት ፍልስፍናውን፣ ሰዋስዉን፣ ሕክምናውን በዐረብኛ በዕብራይስጥ ፊደል ይጽፉ ነበር፤ ለግጥም ግን ዕብራይስጥን ለዩት። በዚያ በዐረብኛ በጻፈው መጽሐፍ ውስጥ የባዕድ ሚዛን መዋሳችን ቋንቋችንን ጎድቶታል ብሎ ይወቅሳል። በዚያው እጁ ደግሞ በዚያው ሚዛን ዕብራይስጥ ከሚያውቃቸው ግጥሞች ሁሉ የሚያምሩትን ጻፈ። በመጨረሻም ያለውን አደረገ፤ እስፔንን ትቶ በግብፅ በኩል ወደ ኢየሩሳሌም ተነሣ፣ እ.ኤ.አ. በ1141 ዐረፈ።

የግራናዳው ሙሴ ኢብን ዕዝራም እንዲሁ ነው። ስለ ዕብራይስጥ ግጥም አሠራር ትልቁን መጽሐፍ የጻፈው በዐረብኛ ነው። ከእርሱም ሌላ ስንኞቹ በሙሉ በአንድ ዓይነት ቃል የሚያርፉበት የግጥም መድበል አለው፤ ቃሉ አንድ፣ ትርጉሙ በየስንኙ ሌላ። ዐረቦቹ «ተጅኒስ» ይሉታል። የዋሸራው መምህር ኅብረ ቃል እንደሚሉት ነው።

የዋሸራው፦

ኅብር እንኳ አይደለም። ኅብር ማለት አንዱ ቃል በአንድ ቦታ ቆሞ ሁለት ምሥጢር ሲሸከም ነው። አንተ የነገርከኝ ቃሉ ሁለት ጊዜ ተነግሮ ሁለት ነገር ሲል ነው። ይለያያል።

የወሎው፦

ሁለት ምሥጢር በአንድ ቃል የሚሸከመውን ዐረቦቹ «ተውሪያ» ይሉታል፤ እርሱም አላቸው። አዎ፣ ይለያያል፤ እቀበላለሁ።

የዋሸራው፦

ከተቀበልክ መልካም። በሰምና ወርቅም እንዳታምታታው።

ወለተ ፊደል፦

ስለ ባለቅኔዎቹ ስናወራ አንዲት ሴት ልትረሳ አይገባም። የዱናሽ ሚስት ናት፤ ስሟ አልቀረልንም። ከካይሮው የምኵራብ መዝገብ ከወጡ ብራናዎች አንዲት ግጥሟ ተገኝታለች። ባሏ ከእስፔን ሲሰደድ እርስዋ ሕፃን ልጇን ታቅፋ ቀረች። ቀለበቱን በእጇ አደረገላት፣ እርስዋም አንባሯን በክንዱ አደረገችለት፤ መጎናጸፊያዋን ለማስታወሻ ወሰደ፣ እርስዋም መጎናጸፊያውን ወሰደች። ያስታውሰኝ ይሆን ትላለች። ባሏ በጭቅጭቅ መካከል ያስገባው ሚዛን በእርስዋ እጅ ሲገባ ባዕድነቱ አይታወቅም። ሊቃውንቱ ያን ሁሉ ቀለም ካፈሰሱበት ክርክር ይልቅ እርስዋ ስለ ሚዛኑ የበለጠ መልስ የሰጠች ይመስለኛል።

የአሽዶዱ፦

እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እስከ ምሽቱ አምስት ሰዓት ድረስ ከልጄ ጋር ሆነን አነበብነው። ስለ ምዕራብና ዐረብ የተጻፈውን ሦስት ጊዜ አስደገመችኝ። አንድ ነገርም ነገረችኝ፤ ዛሬ በዕብራይስጥ «ባይት» የሚባለው አንዱ የግጥም አንጓ ነው፤ ብዙ ስንኝ የያዘው። ስለዚህ ቤቱ እነርሱም ዘንድ ጠባይ ለውጧል። የዴሌትና የሶጌርን አቻ ደግሞ በአማርኛ ስላጣሁ «የቤቱ በር»ና «የቤቱ መዝጊያ» ብላ ጽፋለች።

ግን ይቅርታ አድርጉልኝና፣ መምታቱስ?

ሥረ ቃል፦

እርሱማ ቀላል ነው። ቤት ድንኳን ከሆነ ድንኳን ያለ ካስማ አይቆምም፤ ካስማም ተመትቶ ነው መሬት የሚገባው። ቤት መምታት ካስማ መምታት ነው።

የዋሸራው፦

በአማርኛ ድንኳን ይተከላል፣ ድንኳን ይጣላል። ድንኳን መታ የሚል ሰው ሰምቼ አላውቅም።

የወሎው፦

መሰንቆ ይመታል፣ ክራር ይመታል። ስንኙ በሚያልቅበት ቦታ አዝማሪው ጅማቱን ይመታዋል። ከዚያ የመጣ አይመስላችሁም?

የዋሸራው፦

ዒላማ መታ እንደሚባለው ነው። ካሰበው ቤት ላይ አገኘው ማለት ነው። አዝማሪ አያስፈልገውም።

ወለተ ፊደል፦

ሦስቱም ያስኬዳሉ፤ ከሦስቱ አንዱን የሚያስመርጥ ማስረጃ ግን እስካሁን አልቀረበም። እኔ በበኩሌ ለልጅህ ሌላ ስጦታ አስቤያለሁ። የግጥሙን የመጀመሪያ ቤት በአማርኛ የወል ቤት፣ በሩም መዝጊያውም በራብ እንዲያርፉ አድርጌ ሞከርኩት፦

ልቤ በምሥራቅ ነው፣ እኔ በዳር ምዕራብ፤
ማዕዱ ሞልቶ ሳለ አልለቀኝ አለ ራብ።

ምዕራብ በሆዱ ራብ ይዟል። ለሃሌዊ ምዕራብ ዐረብን እንደያዘለት ማለት ነው።

የወሎው፦

እህቴ፣ ይህ ድንቅ ነው! ባለቤቱ ቢሰማው ደስ ይለው ነበር።

የዋሸራው፦

አሳቡ ያምራል። ነገር ግን «ራብ» ተብሎ አይጻፍም። ግእዙ ረኀብ ነው። ኀ የት ሄደች?

ወለተ ፊደል፦

መምህር፣ ረኀብ ብዬ ከጻፍኩ ራ ትጠፋለች፤ የምትቀረው ብ ብቻ ናት። በዕብራዊው ሕግ ቤቱ አልመታም።

የዋሸራው፦

በእኛ ሕግ መታ እንጂ። ብ እና ብ፣ የበ ቤት። የበ ቤት ከበ ቤት ጋር ከተገናኘ ምን ጎደለ?

የወሎው፦

ግን አማርኛ ራብ ይላል መምህር። ራበኝ እንላለን፣ ረኀበኝ አንልም።

የዋሸራው፦

የሚነገረው ሌላ፣ የሚጻፈው ሌላ። ዛሬ ኀን ብትጥል ነገ ዐይኑን ትጥላለህ፤ ያን ጊዜ ያ ሁሉ ስለ ምዕራብ የተናገራችሁት ነገር ከየት ሊገኝ ነው?

ሥረ ቃል፦

ረኀብና ዕብራይስጡ «ራዓቭ» አንድ ናቸው፤ ማለት ነው የኛ ኀ እነርሱ ዘንድ ዐይን…

ወለተ ፊደል፦

ወንድሜ፣ እዚያ ላይ ቆይ፤ ኀ እና ዐ እንዲህ በቀላሉ አይለዋወጡም። ነገ በሰፊው እመለስበታለሁ።

የአሽዶዱ፦

ልጄ ዛሬ ጠዋት ሥራዋን አስረክባለች። ሁለቱን ስንኝ ከላይ ጻፈቻቸው፤ «ራብ» ብላ ነው የጻፈችው መምህር፣ ይቅር ይበሉኝ፤ ከጎኑ ግን «ረኀብ» የሚለውን በትንሹ አስቀምጣለታለች። «መምታት» ለሚለው የተተወውን ቦታ ባዶ ትታዋለች። መምህሯ ምን ብላ እንደምትጽፍበት አይቼ እነግራችኋለሁ።